የብሩን መንገድ ተከተሉ፦ በጅማ የሀብት ፍለጋ የፍልሚያ ፊልም አሠራር

የመጀመሪያውን ፊልማችንን የገደለው ሣጥን ነው። ብረት የለበሰ፣ ሁለት ሰው ተጋግዞ የሚያነሣው የእንጨት ሣጥን ተውሰን አመጣንና «የተደበቀው ሀብት ይህ ነው» አልን። ዘጠኝ የቴኳንዶ ልጆች በሣጥኑ ዙሪያ ግማሽ ቀን ተራገጡ፣ ተንከባለሉ፣ ላባቸው እስኪንጠፈጠፍ ተፋለሙ። አቀናብረን ስናየው ሣጥኑ ከተቀመጠበት ንቅንቅ አላለም፤ የተመልካቹም ልብ እንዲሁ። ማንም ይምታ፣ ማንም ይውደቅ፣ ሣጥኑ እዚያው ነው። ታዲያ ማን እያሸነፈ እንደሆነ በምን ይታወቅ?

ለሁለተኛው ፊልም ሣጥኑን ትተን አንድ ማርያ ቴሬዛ ብር፣ ያንን የድሮ የብር ሳንቲም፣ ያዝን። ከዚያ በኋላ የገባንን ነው እዚህ የማሰፍረው፤ አንድ ደህና ካሜራ ያለው ስልክ፣ አምስት ስድስት የማርሻል አርት ሠልጣኞችና የሦስት ሳምንት ትዕግሥት ላላቸው፣ ዐሥር ደቂቃ ገደማ የሚሆን ፊልም መሥራት ለሚፈልጉ። ሁሉም ነገር ከአንድ ሐሳብ ይመነጫል፦ በሀብት ፍለጋ ፊልም ውስጥ እያንዳንዱ ፍልሚያ ሀብቱን ከአንድ እጅ ወደ ሌላ እጅ ማሻገር አለበት። ካላሻገረ የሰፈር ጠብ ነው፤ የሰፈር ጠብ ለማየት ደግሞ ፊልም አያስፈልግም።

አንደኛ፦ በጭብጥ የሚያዝ ሀብት ምረጡ

ሀብቱ በአንድ እጅ የሚጨበጥ፣ የሚወረወር፣ የሚወድቅ፣ ኪስ የሚገባ ይሁን። ሲወድቅ ድምፅ ቢኖረው ደግሞ እሰየው። ከሩቅ ካሜራ ላይም መታየት አለበት፤ ቀለበት ጥሩ ይመስላል፣ ነገር ግን ከአምስት ሜትር ርቀት አይታይም።

ለጅማ ታሪክ ከማርያ ቴሬዛ ብር የተሻለ አላገኘሁም። ክብደቱ 28 ግራም፣ ስፋቱ አራት ሴንቲ ሜትር ያህል ነው፤ በመዳፍ ሙሉ ይያዛል፣ በፀሐይ ያበራል። የኦስትሪያዋ ንግሥት ማርያ ቴሬዛ ከሞተች በኋላ እንኳ ሳንቲሙ በየጊዜው ሲታተም ዓመቱ አልተለወጠም፤ ሁሉም ላይ 1780 የሚል ይነበባል። ይህ ለፊልም ጸሐፊ ስጦታ ነው፤ አሮጌውና አዲሱ፣ እውነተኛውና አስመስሎ የተሠራው በዓመቱ አይለዩምና። የድሮ ነጋዴዎች ብሩን ሲቀበሉ በንግሥቲቱ ትከሻ ላይ ያለውን የጌጥ መርፌ ዕንቁዎች እየቆጠሩ ይመረምሩ ነበር። ይህ ብር በጅማው ሂርማታ ገበያ የቡናው፣ የዝሆን ጥርሱና የዝባዱ (ከጥርኝ የሚገኘው የሽቶ ቅመም) መገበያያ ሆኖ ኖሯል፤ ስለዚህ አንዲት የጅማ አያት ሣጥን ውስጥ ቢገኝ «ከየት መጣ?» የሚል ተመልካች የለም።

ብር ካልጣማችሁ የዝባድ ቀንድ አለላችሁ። ዝባድ በቀንድ ታሽጎ ነበር ለገበያ የሚወጣው፤ ባዶ ቀንድ ውስጥ የተጠቀለለ ወረቀት ብትከቱበት ሀብትም ካርታም ይሆናል። ችግሩ ቀንድ ሲወረወር ሰው ዐይን ላይ ሊያርፍ መቻሉ ነው። እኛ በዚህ ምክንያት ተውነው።

እውነተኛውን አሮጌ ብር ለቀረጻ አታውጡ። አንድ አንጥረኛ በርካሽ ብረት አስመስሎ ይሠራላችኋል፤ ለሚወረወርበት ትዕይንት ደግሞ ካርቶን ደራርባችሁ የሲጋራ ፓኮ ውስጥ ያለውን የሚያብረቀርቅ ወረቀት አልብሱት። ከሁለት ሜትር በላይ ለሆነ ርቀት ማንም አይለየውም።

ሁለተኛ፦ ከታሪኩ በፊት የብሩን ጉዞ ጻፉ

አብዛኛው ጀማሪ የሚጀምረው ከዋናው ተዋናይ ነው። ቪዲዮ ቤት ውስጥ ያደግን ሁሉ «አክተር አይሞትም» የሚለውን ሕግ ስለምናውቅ አክተሩን አስቀድመን እንፈጥራለን። እኔ የምመክረው ግን ሌላ ነው፤ አንድ ወረቀት ወስዳችሁ ብሩ በማን እጅ እንደሚጀምር፣ በማን እጅ እንደሚያልፍና በማን እጅ እንደሚያበቃ ብቻ ጻፉ። ሰዎቹ በኋላ ይመጣሉ።

የእኛ ወረቀት እንዲህ ይል ነበር። ብሩ በአያትየው ባለ ሦስት እግር በርጩማ ሥር በሰም ተለጥፎ ይገኛል። የልጅ ልጃቸው አገኘችው። አንድ የቅርስ ደላላ ያሰማራው ወጣት ገበያ ውስጥ ቀማት። ወጣቱ ሲያመልጥ ብሩ ባጃጅ ውስጥ ወደቀ። የባጃጁ ሹፌር ሳያውቅ ከመልስ ጋር ለአንዲት ቡና ለቃሚ ሰጣት። ቡና ለቃሚዋ በጆንያ ውስጥ ደበቀችው። ደላላው ራሱ ጆንያውን ቀዶ ወሰደው። ልጅቷ አዌቱ ወንዝ ዳር አስመለሰችው። ስድስት ሽግግር፣ አራት ፍልሚያ። ሁለቱን ሽግግር ያለ ጠብ ያሳለፍነው ሆን ብለን ነው፤ ሰው የሚስቀው የባጃጁ ሹፌር 1780 የተጻፈበትን ብር መልስ አድርጎ ሲሰጥ ነው፣ ያለ ሳቅ ደግሞ አራተኛው ፍልሚያ ላይ ተመልካቹ ይደክማል።

ፍልሚያዎቹ እርስ በርስ እንዳይመሳሰሉ እያንዳንዱን ባለጋራ በአንድ ነገር ለዩት። ከብሩስ ሊ መማር ይቻላል። እ.ኤ.አ. በ1972 መቅረጽ ጀምሮ በ1973 ሞት በቀደመው ፊልሙ ውስጥ ሀብቱ ያለው በፎቅ ላይ ፎቅ በተሠራ ቤተ መቅደስ አናት ላይ ሲሆን በየፎቁ የተለየ ተፋላሚ ይጠብቃል፤ አንዱ የዱላ ሰው፣ አንዱ የሀፕኪዶ (የኮሪያ ማርሻል አርት) መምህር፣ የመጨረሻው ደግሞ 2.18 ሜትር የሚረዝመው የቅርጫት ኳስ ተጫዋች ከሪም አብዱልጀባር። እያንዳንዱ ፎቅ አዲስ ጥያቄ ነው፦ ይህን ሰው ባለፈው ዘዴ ማሸነፍ አይቻልም። እናንተም ሰፈራችሁ ያለውን ሰው ቁጠሩ፦ በጣም ረጅሙ ማን ነው? በጣም ፈጣኑ? ጨርሶ መፋለም የማይችለው? የመጨረሻውን ሰው አትናቁት። መፋለም የማያውቅ ባለጋራ ሲሸሽ የሚያነሣውን ዕቃ ሁሉ እየወረወረ ስለሆነ ከጥቁር ቀበቶው የበለጠ ያስቃል።

ሦስተኛ፦ ቦታው ራሱ ይምታ

ጃኪ ቻን እ.ኤ.አ. በ1991 ያወጣው ሀብት ፍለጋ ናዚዎች በበረሃ የደበቁትን ወርቅ ይመለከታል፤ መጨረሻው ላይ ፍልሚያው የሚካሄደው ግዙፍ የነፋስ ማመንጫ ባለበት ክፍል ውስጥ ነው። ተፋላሚዎቹን የሚወረውራቸው ቡጢ ሳይሆን ነፋሱ ነው። የጅማ ነፋስ የት ነው ብላችሁ ጠይቁ።

መልሱ ብዙ ነው። በከተማው ዙሪያ ባሉ ገጠሮች የቡና ማድረቂያ አልጋዎች በረድፍ ተደርድረዋል፤ አንዱ ሰው ከላይ ሲሮጥ ሌላው ከሥር እየተሳበ ይከተለዋል። ነገር ግን ቡና ያለበትን አልጋ በፍጹም አትንኩ፤ የገበሬው የዓመት ልፋት ነው። የለቀማና የማድረቅ ወቅቱ አልፎ አልጋዎቹ ባዶ ሲሆኑ፣ ከጥር መጨረሻ ጀምሮ፣ ባለቤቱን አስፈቅዳችሁ ሥሩ። ወቅቱ ደረቅ ስለሆነ ዝናብም አያስቸግራችሁም። ክረምት ላይ ጅማን ለመቅረጽ የሞከረ ሰው ስለ ዝናብ ምክር አያስፈልገውም።

አዌቱ ዳር ጭቃ አለ። ጭቃ ፍልሚያን ያዘገያል፤ መዘግየቱ ደግሞ ለመጨረሻው ትዕይንት ጥሩ ነው፣ ሁለቱም ደክመው ሲንሸራተቱ ማን ቀድሞ ብሩን እንደሚያነሣ አይታወቅምና። ከሥፍራው አስቀድማችሁ ጠርሙስ ስባሪ ልቀሙ።

ገበያ ውስጥ የቀረጽን ቀን ግን ያልጠበቅነው ነገር ገጠመን። ወጣቱ ብሩን ነጥቆ ልጅቷን ሲገፈትራት ሁለት አትክልት ሻጭ እናቶች ዘልለው ገቡና ወጣቱን በነጠላ አንቀው ያዙት። «ፊልም ነው እማማ፣ ፊልም ነው» ብንልም «ፊልም ቢሆንስ ሴት ይመታል?» አሉ። ሀገራችን የገላጋይ ሀገር መሆኗን ረስተን ነበር። ስለዚህ አንድ ቀን ቀድማችሁ ሻጮቹን አነጋግሩ፤ አብዛኛው ሰው አፋን ኦሮሞ ስለሚናገር ከቡድናችሁ ቋንቋውን አጥርቶ የሚናገር ሰው ይምራ። ለቀበሌውና ለፖሊስም አሳውቁ። እኛ በመጨረሻ እነዚያኑ እናቶች ተዋናይ አደረግናቸው፤ ወጣቱን አንቀው የያዙበት ትዕይንት ከጠቅላላ ፊልማችን ምርጡ ነው።

ጅሬን ላይ ያለው የአባ ጅፋር ቤተ መንግሥት በእርግጥ ያጓጓል። እ.ኤ.አ. ከ1878 እስከ 1932 የነገሡት የዳግማዊ አባ ጅፋር መኖሪያ፣ ባለ እንጨት ሰገነት፣ ከተማውን ቁልቁል የሚያይ ኮረብታ ላይ የተሠራ። ውስጡ ግን ፍልሚያ አይደረግም፤ አሮጌ እንጨት ነው፣ አንድ እርግጫ የማይመለስ ጉዳት ያደርሳል። ከባህልና ቱሪዝም ጽሕፈት ቤት ፈቃድ ይዛችሁ ከውጭ ቅረጹት፣ ልጅቷ ደረጃውን ስትወጣ፣ ደላላው ከበረንዳ ሲመለከት። ፍልሚያው ወደሚካሄድበት ግቢ በቅንብር ትሻገራላችሁ።

ቁፋሮን በተመለከተ አንድ ነገር። ጣሊያን ቀብሮት ሄደ ስለሚባል ወርቅ ያልሰማ የጅማ ልጅ የለም፤ ወሬው ለታሪክ ጥሩ ነው፣ ለአካፋ ግን አይደለም። በአዋጅ ቁጥር 209/1992 መሠረት ቅርስ ለመፈለግ ያለ ፈቃድ መቆፈር የተከለከለ ነው። የቁፋሮ ትዕይንት ካላችሁ በራሳችሁ ጓሮ፣ አዲስ በቆፈራችሁት ጉድጓድ ውስጥ ሥሩት፤ ያም ሆኖ ጎረቤት አጥር ላይ ተንጠልጥሎ «ምን አገኛችሁ?» ማለቱ አይቀርም።

አራተኛ፦ ፍልሚያውን በአረፍተ ነገር ክፈሉት

የምንቸኩለው እዚህ ላይ ስለሆነ በዝግታ ልሂድ።

አንድ ፍልሚያ ከአራት እስከ ስድስት እንቅስቃሴ ባላቸው አረፍተ ነገሮች ይከፈል። ቡጢ፣ መከላከል፣ ዞር ማለት፣ እርግጫ፣ መውደቅ፤ ነጥብ። እያንዳንዱ አረፍተ ነገር ለብቻው ይለማመዳል፣ ለብቻው ይቀረጻል። ተዋናዮቹ መጀመሪያ እየተራመዱ ያህል ይሥሩት፣ ቀጥሎ በግማሽ ፍጥነት፣ ቀጥሎ በሦስት አራተኛ። ሙሉ ፍጥነት የሚገባው ካሜራው ሲበራ ብቻ ነው፤ ያኔም ሁሉም ሰው ዓይኑን ጨፍኖ የሚሠራው ከሆነ ነው።

የብሩ ጥቅም የታየን በልምምድ ላይ ነው። ብር የጨበጠ እጅ ሰው መያዝ አይችልም፤ ብሩ እንዳያመልጠውም ቡጢ አይሰነዝርም። ብሩን የያዘ ሰው በአንድ እጅና በሁለት እግር ብቻ ይፋለማል፤ ቴኳንዶ ደግሞ ጉልበቱ እግር ላይ ነው። ልጅቷ ብሩን በቀኝ እጇ ጨብጣ እያገላበጠች ስትራገጥ ተመልካቹ ሁለት ነገር ያያል፣ ችሎታዋንና ምን ያህል ልትለቀው እንደማትፈልግ። አንዲት ቃል ሳንናገር። ደላላው ግን የቡጢ ሰው ነው፤ ብሩን ሲይዝ ግማሽ ጉልበቱን ያጣል። ብሩን ያገኘ ሰው ይዳከማል ማለት ነው፤ ከዚህ በላይ ለፍልሚያ የሚጠቅም ሕግ አላገኘንም።

ካሜራው የሚቆመው ከሚመታው ሰው ትከሻ ጀርባ ወይም ከተመቺው ትከሻ ጀርባ ነው። ቡጢው ከፊት አንድ ስንዝር ርቆ ያልፋል፣ ከዚህ አቅጣጫ ግን ያረፈ ይመስላል። ከጎን ብትቀርጹ ክፍተቱ ይታያል፤ ሁሉም የሰፈር ፊልም የሚጋለጠው በዚህ ነው። ምቱን የሚያሳምነው የመቺው ጉልበት ሳይሆን የተመቺው አንገት ነው፤ አገጩ ቡጢው የሄደበትን አቅጣጫ ይከተል፣ ትንሽ ዘግይቶ ሰውነቱ ይከተል። የቡድናችን ጎበዝ ሰው መቺ ሳይሆን ተመቺ ነበር።

የሆንግ ኮንግ ሠሪዎች ካሜራቸውን ራቅ አድርገው ከራስ እስከ እግር ያሳያሉ። ተከተሏቸው። እግር ካልታየ እርግጫ የለም። ስልኩን በትራይፖድ አቁሙት፤ የሚንቀጠቀጥ ካሜራ የሚጠቅመው መፋለም ለማይችል ተዋናይ መደበቂያ ሲሆን ነው፣ የእናንተ ልጆች ግን ይችላሉ። በሰከንድ 24 ወይም 25 ፍሬም ቅረጹ፣ የሹተር ፍጥነቱን (እያንዳንዱ ፍሬም ብርሃን የሚቀበልበትን ጊዜ) ወደ 1/50 ሰከንድ አድርጉ። እያንዳንዱን አረፍተ ነገር ከሁለት አቅጣጫ፣ አንዴ ከሩቅ፣ አንዴ ከወገብ በላይ።

ቀረጻው ባለቀ ቁጥር አንድ ሰው «ብሩ የት ነው?» ብሎ ይጠይቅ። ይህ ሰው ሌላ ሥራ አይኑረው። በየትኛው እጅ እንደነበር ይጻፍ። እኛ ይህን ያወቅነው ልጅቷ በቀኝ እጇ ይዛ ዘልላ በግራ እጇ ይዛ ካረፈች በኋላ ነው።

አሁን ስለ መውደቅ። ጃኪ ቻን እ.ኤ.አ. በ1986 ለወጣው የሀብት ፍለጋ ፊልሙ በቀድሞዋ ዩጎዝላቪያ ሲቀርጽ ከግንብ ወደ ዛፍ ዘልሎ ቅርንጫፉ ተሰበረበት፤ ጭንቅላቱ ከድንጋይ ተጋጭቶ የራስ ቅሉ ተሰበረ፣ በቀዶ ጥገና ነው የተረፈው። ከሕፃንነቱ ጀምሮ የሠለጠነ ሰው ነው ይህ የደረሰበት። ስለዚህ ከወገባችሁ ከፍታ በላይ አትዝለሉ። ከፍታ ማሳየት ከፈለጋችሁ ካሜራውን መሬት ላይ አስቀምጡት፤ አንድ ሜትር ሦስት ይመስላል። ለመውደቂያ ባዶ ካርቶኖች ደርድራችሁ ከላይ ፍራሽ አንጥፉ፤ ካርቶኑ እየተጨፈለቀ ጉልበቱን ይውጣል። ገለባ የሞላ ጆንያም ይሠራል።

ስለ በርጩማው ደግሞ፦ የጅማ በርጩማ ከአንድ ግንድ የሚፈለፈል ጠንካራ እንጨት ነው፤ ሰው ከተመታበት ፊልሙ ሆስፒታል ያበቃል። ለመያዝና ለመከላከል እውነተኛውን፣ ለመምታት ከስፖንጅ ተቆርጦ ቀለም የተቀባውን ተጠቀሙ። ስፖንጁ ሲጨበጥ እንዳይጎደጉድ ተዋናዩ በበርጩማው እግር በኩል ይያዘው።

ባጃጁንም በፍጥነት አታስነዱት። ቀስ ብሎ ይሂድ፣ ካሜራው ከአስፋልቱ በአንድ ስንዝር ከፍታ ይቀመጥ። መሬት ሲቀርብ ሁሉም ነገር ይፈጥናል።

ስለ ብርሃን አንድ መስመር ይበቃል፦ ጠዋት ከአንድ እስከ ሦስት ሰዓት፣ ከሰዓት በኋላ ከዐሥር እስከ አሥራ ሁለት። እኩለ ቀን ላይ ፀሐይ አናት ላይ ስለምትሆን የሁሉም ሰው ዐይን ጥቁር ጉድጓድ ይሆናል፤ ያኔ ምሳ ብሉ።

አምስተኛ፦ ቅንብርና ድምፅ

ሁለት የድሮ ዘዴዎች አሉ። አንደኛው ፍጥነት ነው፤ ሆንግ ኮንግ ውስጥ በሰከንድ 24 ፍሬም የሚታየውን ፊልም በ22 ወይም በ20 እየቀረጹ እንቅስቃሴውን ያፈጥኑት ነበር። በስልካችሁ የቅንብር መተግበሪያ ፍልሚያውን ከአምስት እስከ ዐሥር በመቶ አፍጥኑት፤ ከዚያ ካለፈ የቻርሊ ቻፕሊን ይሆናል። ሁለተኛው መደራረብ ነው፤ ከባዱ ምት ላይ ከአንዱ አቅጣጫ ወደ ሌላው ስትቆርጡ ሁለት ሦስት ፍሬም ወደ ኋላ ተመልሳችሁ ጀምሩ። ዐይን ምቱን ሁለቴ ስላየው ከባድ ይመስለዋል። በአንድ ፍልሚያ አንዴ ብቻ።

ድምፁ ቦታው ላይ አይቀረጽም፤ በኋላ ቤት ውስጥ ይሠራል። የቡጢ ድምፅ፦ እርጥብ ፎጣ በቆዳ ጃኬት ላይ። የአጥንት መሰበር፦ ሸንኮራ አገዳ፤ ማይክሮፎኑ አጠገብ በጉልበት ሰብራችሁ የተረፈውን መብላት ይቻላል። የልብስ ሽው ማለት፦ ቀጭን ዱላ በአየር ላይ።

ከሁሉ በላይ ግን የብሩን ድምፅ ቅረጹ። በሲሚንቶ ላይ ሲወድቅ፣ በእንጨት ላይ፣ በጭቃ ላይ፣ በጣት ሲመታ። ለዚህ ብቻ እውነተኛውን ብር ተውሳችሁ ፎጣ ባነጠፋችሁበት ክፍል ቅረጹ፤ አስመስሎ የተሠራው ድምፁ ደንቆሮ ነው። ግብግቡ መሀል ብሩ የማይታይበት ቦታ ካለ ድምፁን አስገቡ። ተመልካቹ በጆሮው ይከተለዋል። እኛ ደላላው ጆንያውን ሲቀድድ ምስሉን ቡናው ላይ አድርገን ብሩን በድምፅ ብቻ ነው የጣልነው።

የመጨረሻው ነገር የቅጂ ብዛት ነው። አንድ ብር አይበቃም፤ አራት አሠሩ። እኛ በሁለት ጀምረን አንዱን ባጃጁ ወንበር ሥር ከሁለት ቀን በኋላ አገኘነው። ሌላው አዌቱ ውስጥ ገባ፤ በመጨረሻው ፍልሚያ ልጅቷ እጇ ጭቃ ስለነበር አዳለጣት፣ ሦስታችን እስኪመሽ ውሃው ውስጥ ብንዳብስም አላገኘነውም። አሁንም እዚያው ነው። ላዩ ላይ 1780 ይላል።